የፊት መብራት አምፖል፦ አመራረጡና አቀያየሩ

በትምህርት ክፍላችን ስለ ሞተር ለመጻፍ የሚሽቀዳደም አይጠፋም። ስለ ካምቢዮ፣ ስለ ፍሬን፣ ስለ ነዳጅ ፓምፕም እንዲሁ። ስለ አምፖል ልጽፍ ነው ስል ግን የክፍል ጓደኞቼ «እሱማ ምን አለው? የተቃጠለውን አውጥቶ አዲሱን መሰካት ነው» አሉኝ። እውነት ነው፤ እጁ ለለመደ ሰው ሥራው ከአምስት ደቂቃ አይበልጥም። ይሁን እንጂ ከአምስቱ ደቂቃ በፊት ያለው ምርጫና ከአምስቱ ደቂቃ በኋላ ያለው ማስተካከል ስለሚዘለል ማታ ማታ መንገድ ላይ የምናየውን እናያለን። አንዱ መኪና እንደ ኩራዝ ጭል ጭል ይላል፣ ሌላው ደግሞ እንደ ብየዳ ዓይን ያጠፋል። የመጀመሪያው ሾፌር ራሱ አያይም፤ ሁለተኛው ከፊት ለፊት የሚመጣውን ሰው ያሳውራል። በሁለቱም መካከል የመንገዱን ዳር ይዞ የሚሄድ እግረኛ አለ።

እኔ በዚህ ጽሑፍ ማሳየት የምፈልገው አምፖል ብቻውን መብራት እንዳልሆነ ነው። አምፖሉ፣ አንጸባራቂው፣ የፊቱ መስታወትና ከባትሪ የሚመጣው ሽቦ አንድ ላይ የተሠሩ አንድ መሣሪያ ናቸው። ከአራቱ አንዱን ብቻ «ላሻሽል» ያለ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ሌሎቹን ያበላሻል። በምሳሌነት የምወስደው ኤች4 የሚባለውን አምፖል ነው፤ በአገራችን ከሚሽከረከሩት አሮጌ ቶዮታዎች፣ ሚኒባሶችና ፒክአፖች ብዙዎቹ የሚጠቀሙት እሱን ስለሆነ። «የአሮጌ መኪና ነገር ምን ያደርጋል?» የሚል ካለ፣ ከ2016 ዓ.ም. (በፈረንጆች 2024) ጀምሮ በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪናዎች ወደ አገር እንዳይገቡ መንግሥት መከልከሉን ያስታውስ። የሚገቡት የኤሌክትሪክ መኪናዎች ብዙዎቹ መብራታቸው አብሮ የተገጠመ ኤልኢዲ ነው፣ የሚቀየር አምፖል የላቸውም። ያሉት አሮጌዎቹ ግን ገና ለብዙ ዓመት ወደ ጋራዥ ይመጣሉ፤ የሚጠግናቸውም የእኛ ትውልድ ነው።

ኤች4 ውስጡ ምን አለ?

የሃሎጂን አምፖል የሚሠራው በተንግስተን ክር ነው። ኤሌክትሪክ ሲያልፍበት ክሩ ወደ 3000 ኬልቪን ገደማ ይግላል። ይህን ያህል የጋለ ብረት ቀስ በቀስ መትነኑ አይቀርም። በጥንቱ ተራ አምፖል የተነነው ተንግስተን ብርጭቆው ላይ እየተለጠፈ ያጠቁረው ነበር። በሃሎጂን አምፖል ግን ውስጡ ጥቂት ብሮሚን ወይም አዮዲን ስላለበት፣ የተነነውን ተንግስተን ይዞ መልሶ ወደ ክሩ ያደርሰዋል። ይህ ዑደት እንዲሠራ የብርጭቆው ግድግዳ ከ250 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ መጋል አለበት። አምፖሉ ትንሽ የሆነውና ከኳርትዝ ወይም ሙቀት ከሚችል ጠንካራ ብርጭቆ የተሠራው ለዚሁ ነው። «ብርጭቆውን በጣት አትንኩ» የሚባለውም ከዚህ የመጣ እንጂ እንዲያው የአስተማሪ ወግ አይደለም። ከጣታችን የሚቀር ቅባትና ላብ በዚያ ሙቀት ብርጭቆው ላይ ይጋገራል፣ ቦታው ከሌላው ለየት ብሎ ይግላል፣ አምፖሉም ዕድሜው ያጥራል ወይም ይሰነጠቃል።

ለመኪና የመጀመሪያው የሃሎጂን አምፖል ኤች1 ነበር፤ በፈረንጆች 1962 ወጣ። ክሩ አንድ ብቻ ስለሆነ ለረዥምና ለአጭር መብራት ለየብቻ አምፖል ያስፈልግ ነበር። በ1971 የመጣው ኤች4 በአንድ ብርጭቆ ውስጥ ሁለት ክር ያዘ፤ ለረዥሙ 60 ዋት፣ ለአጭሩ 55 ዋት። አንዱን ኤች4 አንሥታችሁ በደንብ ብታዩት ከአጭሩ መብራት ክር ሥር ትንሽ የማንኪያ ቅርጽ ያላት የብረት ጋሻ አለች። ብዙ ሰው መደገፊያ ትመስለዋለች። የኤች4 ብልሃት ግን እሷ ነች።

ነገሩ እንዲህ ነው። የረዥሙ መብራት ክር የተቀመጠው አንጸባራቂው የትኩረት ነጥብ ላይ ነው፤ ስለዚህ ብርሃኑ ቀጥ ብሎ ሩቅ ይሄዳል። የአጭሩ ክር ከትኩረት ነጥቡ ትንሽ ወደ ፊት ወጣ ብሏል። ከዚህ ቦታ የሚነሣ ብርሃን የአንጸባራቂውን የላይኛውን ግማሽ ሲመታ ወደ ታች፣ ወደ አስፋልቱ ይወርዳል፤ የታችኛውን ግማሽ ቢመታ ግን ወደ ላይ፣ ወደ ሰው ዓይን ይወጣ ነበር። ጋሻዋ ወደ ታች የሚሄደውን ብርሃን ትከልላለች። ግድግዳ ላይ ስናበራ የምናየው ከላይ ጨለማ ከታች ብርሃን የሆነው ጥርት ያለ ድንበር የተሠራው በእሷ ጠርዝ ነው።

እዚህ ላይ ስንት ሚሊሜትር ምን እንደሚያደርግ ማስላት ይጠቅማል። የትኩረት ርቀቱ 25 ሚሊሜትር የሆነ አንጸባራቂ ብንወስድ፣ የብርሃን ምንጩ ከቦታው በ1 ሚሊሜትር ብቻ ወደ ላይ ወይም ወደ ታች ቢዛነፍ ብርሃኑ በ25ኛው አንድ፣ ማለትም በ4 በመቶ ያዘነብላል። ይህ 50 ሜትር ላይ 2 ሜትር ነው! ከአስፋልት ተነሥቶ የአውቶቡስ ሾፌር ፊት ላይ ይደርሳል ማለት ነው። ርካሽ አምፖል ስንገዛ የምናጣው ብዙ ጊዜ ዋቱን ሳይሆን ይህችን ሚሊሜትር ነው፤ ክሩ ቦታውን ይስታል፣ ጋሻዋም ጠማማ ትሆናለች።

የ65 ሜትሩ ሂሳብ

የአንድ ትንሽ የቤት መኪና የፊት መብራት ከመሬት 65 ሴንቲሜትር ከፍ ያለ ነው እንበል። አጭር መብራት በተለምዶ የሚስተካከለው በ1 በመቶ ወደ ታች እንዲያዘነብል ነው፤ በ10 ሜትር 10 ሴንቲሜትር መውረድ ማለት ነው። እንግዲህ የብርሃኑ ድንበር መሬት የሚነካው 65 ሜትር ላይ ይሆናል። አሁን ደግሞ ፍሬኑን እናስላ። በ80 ኪሎ ሜትር ፍጥነት መኪና በሴኮንድ 22 ሜትር ይሄዳል። ሾፌሩ አይቶ ፍሬን እስኪረግጥ 1.5 ሴኮንድ ብንሰጠው 33 ሜትር አለፈ። ደረቅ አስፋልት ላይ ለመቆም ሌላ 35 ሜትር ያስፈልገዋል። ድምሩ 68 ሜትር። በትክክል የተስተካከለ መብራት እንኳን በዚህ ፍጥነት ልክ ልክ ነው፤ ትርፍ የለውም።

ያው መብራት በ2 በመቶ ወደ ታች ቢያይ ድንበሩ 32 ሜትር ላይ ያበቃል፤ ለዚያ 60 ኪሎ ሜትርም ብዙ ነው። በ1 በመቶ ወደ ላይ ቢያይ ደግሞ 50 ሜትር ላይ ድንበሩ ከመሬት 115 ሴንቲሜትር ይሆናል፤ የቤት መኪና የሚነዳ ሰው ዓይን የሚገኘው እዚያው አካባቢ ነው። ስለዚህ ሁለት በመቶ ብቻ በሆነች ማዘንበል ውስጥ ማየትም ማሳወርም አለ። ይህን ክፍል ውስጥ ሳሰላው ራሴም ገርሞኛል።

ድንበሩ ግን ከዳር እስከ ዳር ቀጥ ያለ አይደለም። በቀኝ በኩል ለሚነዳ አገር የተሠራ መብራት በግራው በኩል ጠፍጣፋ ሆኖ በቀኙ በኩል ወደ ላይ ከፍ ይላል። ከግራ የሚመጣብንን ሾፌር ሳያሳውር፣ በቀኝ ዳር የሚሄደውን እግረኛና ያችን ሸክም ያለባትን አህያ ከሩቅ እንዲያሳየን ነው። ከደብረ ብርሃን ወደ ደሴ በማታ የተጓዘ ሰው ይህች የቀኝ ዳር ብርሃን ምን እንደምታወጣ ያውቃል፤ ጋቢ የለበሰ ሰው ቢያንስ ነጭነቱ ይረዳዋል፣ ጥቁር ኮት የለበሰው ግን መኪናው አጠገቡ ሲደርስ ነው የሚታየው።

ኢትዮጵያ በቀኝ መንዳት የጀመረችው በ1956 ዓ.ም. (በፈረንጆች 1964) ነው። ጃፓንና እንግሊዝ በግራ ይነዳሉ። ለእነሱ አገር የተሠራ የፊት መብራት ከፍ የሚለው በግራው በኩል ስለሆነ፣ እኛ ጋ ሲመጣ ብርሃኑን የሚሰጠው ከፊት ለሚመጣው ሾፌር ዓይን ነው፤ የእኛ እግረኛ ጨለማ ውስጥ ይቀራል። መሪው ወደ ግራ የተዛወረለት መኪና ሁሉ መብራቱም ተዛውሮለታል ማለት አይደለም። ከተፈታ መኪና የወጣ መብራት ሲገዛም እንዲሁ ነው። ማወቂያው ቀላል ነው። በአውሮፓ ደንብ የተሠራ መብራት መስታወቱ ላይ በክብ ውስጥ ያለ የላቲን «ኢ» ፊደልና የአገር ቁጥር አለው። ፊት ለፊቱ ቆማችሁ ስታዩት ወደ ቀኛችሁ የሚያመለክት ቀስት ካለበት በግራ ለሚነዳ አገር የተሠራ ነው። ቀስት ከሌለው በቀኝ ለሚነዳ ነው። ሁለት ጫፍ ያለው ቀስት ከሆነ ለሁለቱም ይስተካከላል። አምፖል ሲቀየር ይህን ችግር አያስተካክለውም፤ መብራቱ ራሱ መቀየር አለበት።

ሱቅ ስንገባ

መርካቶ ሶማሌ ተራ ገብቶ «የፊት አምፖል ስጠኝ» ማለት ፋርማሲ ገብቶ «መድኃኒት ስጠኝ» እንደማለት ነው። መጀመሪያ መታወቅ ያለበት ዓይነቱ ነው፤ ከአሮጌው አምፖል እግር ላይ፣ አንዳንዴም ከመብራቱ ጀርባ ወይም ከመኪናው መመሪያ መጽሐፍ ይገኛል። ኤች4 ሁለት ክር አለው። ኤች1፣ ኤች7ና ኤች11 አንድ ክር ያላቸው ባለ 55 ዋት ናቸው። ከአሜሪካ በመጣ መኪና ላይ ቁጥሮቹ ሌላ ሊሆኑ ይችላሉ፦ 9003 የኤች4 ወንድም ነው፣ 9005 ኤችቢ3፣ 9006 ደግሞ ኤችቢ4 ነው። የአንዱን እግር ሞርዶ ለሌላው ቦታ ማስገባት ይቻላል የሚሉ ባለሙያዎች አሉ፤ ክሩ ቦታውን እንደሚለቅ ከላይ ካየነው በኋላ ምን ዋጋ አለው?

ቀጥሎ ቮልቱ ነው። የቤት መኪናና ሚኒባስ 12 ቮልት ነው። እንደ አይሱዙ ኤንፒአር ያሉ የጭነት መኪናዎች ግን 24 ቮልት ናቸው፤ ለእነሱ የሚሠራው ኤች4 75/70 ዋት ተብሎ የተጻፈበት ነው። እግሩ አንድ ዓይነት ስለሆነ ልብ ያላለ ሰው ይሳሳታል። የ12 ቮልቱ አይሱዙ ላይ ብልጭ ብሎ ይሞታል፤ የ24ቱ የቤት መኪና ላይ ቀላ ያለ ፍም ይመስላል።

ዋት ላይ ደግሞ ፈተናው ትልቅ ነው። 100/90 ዋት ተብሎ የሚሸጥ ኤች4 አለ። 100 ዋት በ12 ቮልት ሲካፈል 8.3 አምፔር ነው፤ ሁለቱ መብራት ወደ 17 አምፔር ሊጠጋ ነው። ሽቦው፣ ማብሪያውና ፊውዙ የተሠሩት ለ60 ዋት ነው። 15 አምፔር ፊውዝ ሲቃጠል ባለመኪናው 30 ያስገባል፣ ከዚያ በኋላ የሚቃጠለው ፊውዙ ሳይሆን ሽቦው ነው። ሶኬቱ ቀልጦ ከአምፖሉ እግር ጋር የተጣበቀ፣ የፕላስቲክ መስታወቱም ከውስጥ የተንጨባረረ መኪና በተግባር ልምምድ የወጣ ተማሪ ሁሉ ያየው ይመስለኛል።

ሰማያዊ ቀለም የተቀባ አምፖልስ? ብርሃኑ ነጣ ያለ ይመስላል፤ የሚመስለው ግን ቀለሙ ቢጫውን ብርሃን ስለሚያስቀር ነው። ማስቀረት ደግሞ መቀነስ ነው። በጉም፣ ለምሳሌ ጣርማ በር ላይ፣ ደግሞ ትርፉ የጉሙን ነጭ ግድግዳ ማየት ብቻ ይሆናል። «ከመቶ ይህን ያህል ብልጫ ያለው» የሚሉት ከታወቁ ፋብሪካዎች የሚወጡ አምፖሎች ውሸት አይደሉም፤ ክራቸው ይበልጥ ስለሚግል ይደምቃሉ፣ በዚያው ልክ ዕድሜያቸው ያጥራል። ቀኑን ሙሉ አስቸጋሪ መንገድ ላይ ለሚንገጫገጭ ታክሲ እኔ ብሆን ተራውን ወይም ዕድሜው ረዥም የተባለውን እመርጣለሁ። ክብ ውስጥ ያለው «ኢ» ምልክት አምፖሉ ላይም ይታያል፤ አስመሳይ ስላለ ምልክቱ ብቻውን ዋስትና አይሆንም እንጂ ከሌለ ግን በቃ፣ አትግዙ።

አሁን ወደ ኤልኢዲው እንምጣ፤ ከጓደኞቼ ጋር የምከራከርበት ስለሆነ። ኤልኢዲ መጥፎ ነው አላልኩም። በፋብሪካ ለኤልኢዲ ተብሎ የተሠራ መብራት ከሃሎጂን ይበልጣል። የኔ ጥያቄ ለክር የተሠራ አንጸባራቂ ውስጥ ስለሚከተተው ነው። ክሩ እንደ ቀጭን በትር ዙሪያውን እኩል ያበራል። ኤልኢዲው ደግሞ ጠፍጣፋ ሰሌዳ ላይ በግራና በቀኝ የተለጠፈ ነው፤ በሁለቱ መካከል የሰሌዳው ውፍረት አለ። ያቺ ሚሊሜትር እንደገና መጣች! በዚህ ላይ ጀርባው ላይ ያለው ማራገቢያ ቦታ ስለሚይዝ የላስቲክ ሽፋኑ ተቆርጦ ይጣላል፤ አቧራና ውሃ ይገባል፣ አንጸባራቂውም ይደበዝዛል። በጀርመን አገር የአንድ ፋብሪካ ኤች7 ኤልኢዲ ለመንገድ የተፈቀደው በፈረንጆች 2020 ነው፤ እሱም ተሞክሮ በዝርዝር ለተጻፉ የመኪና ሞዴሎች ብቻ እንጂ ለሁሉም አይደለም። ዘኖን የሚባለው ደግሞ በ35 ዋት ወደ 3200 ሉመን ይሰጣል፤ የኤች4 አጭር መብራት 1000 ሉመን ገደማ ነው። ሦስት እጥፍ ብርሃን ድንበሩን ባልጠበቀ አንጸባራቂ መልቀቅ ማለት ምን እንደሆነ አንባቢ ይፍረድ። የአውሮፓ ደንብ ከ2000 ሉመን በላይ የሆነ የአጭር መብራት ምንጭ ያለው መኪና ከፍታውን ራሱ የሚያስተካክልና መስታወቱን የሚያጥብ መሣሪያ እንዲኖረው የሚያስገድደውም በከንቱ አይደለም።

ከመቀየር በፊት መለካት

ለተግባር ልምምድ በወጣሁበት ጋራዥ አንድ በዕድሜ የገፉ የሚኒባስ ሾፌር መጡ። «ልጄ፣ አምፖሉን ባለፈው ወር ነው የቀየርኩት፤ እንደ ኩራዝ ሆኖብኛል። ነጩን ኤልኢዲ አድርግልኝና ልገላገል» አሉ። የጋራዡ ኤሌክትሪሺያን ሳይመልስላቸው ቴስተሩን ለእኔ አቀበለኝ። «ሞተር አስነሥተው መብራቱን ያብሩልኝ፣ ጋሼ» አልኳቸው። ባትሪው ላይ 14.1 ቮልት አለ፤ ዲናሞው ጤነኛ ነው። አምፖሉ ሶኬት ጀርባ፣ መብራቱ እንደበራ ስለካ ግን 11.6 ብቻ። ሁለት ቮልት ተኩል መንገድ ላይ ቀርቷል።

ሁለት ቮልት ተኩል ትንሽ ይመስላል። የሃሎጂን ብርሃን ግን ከቮልቱ ጋር እኩል አይወርድም፤ በግምት ቮልቱ በ3.4 ኃይል ተባዝቶ ነው የሚወርደው። አምፖል የሚለካው በ13.2 ቮልት ስለሆነ 11.6 ላይ የሚሰጠው ብርሃን 65 በመቶ አካባቢ ነው። ሲሶው ጠፋ ማለት ነው። በተቃራኒው ቮልቱ ከመጠን በላይ ሲሆን የሚጎዳው ዕድሜው ነው፤ 5 በመቶ ጭማሪ የአምፖሉን ዕድሜ ወደ ግማሽ ያወርደዋል። ስለዚህ አምፖል በየወሩ የሚያቃጥል መኪና ሲመጣ ከአምፖሉ በፊት ዲናሞውን መለካት ነው።

የቴስተሩን አንድ ጫፍ የባትሪው ፖዘቲቭ ላይ፣ ሌላውን የአምፖሉ ፖዘቲቭ ላይ ስናደርግ 1.2 ቮልት አገኘን። ከአምፖሉ ኔጋቲቭ እስከ ባትሪው ኔጋቲቭ ደግሞ 1.3። አንድ ነገር ልጨምር፤ በብዙ አሮጌ ቶዮታዎች የአጭርና ረዥም መቀየሪያው ያለው በግራውንድ በኩል ነው። ሶኬቱ ላይ ሁልጊዜ ቮልት ያለበት አንዱ እግር ነው፣ የቀሩት ሁለቱ በማብሪያው በኩል አልፈው ነው ወደ አካል የሚሄዱት። ይህን የማያውቅ ሰው በመሞከሪያ አምፖል ሲፈትሽ ግራ ይጋባል፣ ደህናውን ሽቦ ይቆርጣል። እኛም ግራውንዱን ተከትለን ሄደን የዛገ ቦልት አገኘን። ተፈትቶ፣ ቀለሙና ዝገቱ በሸራ ወረቀት ተፍቆ ሲታሰር 1.3 የነበረው 0.1 ሆነ። አምፖሉ ላይ 12.8 ቮልት ደረሰ፤ 90 በመቶ ብርሃን። አሮጌው አምፖል እዚያው እንዳለ ነው። ሾፌሩ ወርደው ግድግዳውን አዩና «ምን ቀየርክበት?» አሉኝ። «ምንም አልቀየርኩም፣ ጋሼ፤ ቦልት ነው የፋቅነው» ስላቸው አላመኑኝም።

የፖዘቲቩን መንገድ ለማሳጠር ሪሌ ማስገባት ይቻላል፤ የመብራቱ ከረንት በማብሪያው ሳይዞር ከባትሪው በፊውዝ በኩል በቀጥታ ይመጣል። ከማንኛውም ውድ አምፖል የሚበልጥ ማሻሻያ እሱ ነው ብዬ አምናለሁ።

አቀያየሩ

እንግዲህ አምፖሉ በእርግጥ ከሞተ፣ መብራቱን አጥፉ፣ ቁልፉን አውጡ፣ ከበራ አምፖሉ እስኪቀዘቅዝ ጠብቁ። ኮፈኑን ከፍታችሁ ከመብራቱ ጀርባ ሶኬቱን ቀጥ አድርጋችሁ ሳቡ፤ ሽቦውን ይዞ መጎተት አይሆንም። እንቢ ካለ ግራ ቀኝ በቀስታ ማወዛወዝ ነው። ከዚያ የላስቲክ ሽፋኑ በጠርዙ ባሉት ጆሮዎች ተይዞ ይወጣል። ከሥሩ አምፖሉን ጠፍሮ የያዘ የሽቦ ሞላ አለ፤ ጫን ብሎ ወደ ጎን ማላቀቅ ነው። ሞላው እንዴት እንደታሰረ ከመፍታታችሁ በፊት በሞባይል ፎቶ አንሡት፤ በኋላ በጣት ብቻ እየዳበሱ መመለስ ሊመጣ ነውና። አሮጌውን ስታወጡ እግሩን ተመልከቱ። የጠቆረ ወይም የቀለጠ ከሆነ ሶኬቱም አብሮ መቀየር አለበት፣ አለዚያ አዲሱንም ይበላዋል።

አዲሱን አምፖል በብረት እግሩ ብቻ ያዙት። ብርጭቆው ከተነካ በአልኮል በረጠበ ንጹሕ ጨርቅ ጥረጉት። የኤች4 ክብ ብረት ሦስት ጆሮ አለው፣ አንዱ ከሁለቱ ሰፋ ይላል፤ ስለዚህ በትክክል የሚገባው በአንድ አቅጣጫ ብቻ ነው። ዙሪያውን እኩል ካልተቀመጠ በጉልበት አትግፉት፣ አሽከርክራችሁ ቦታውን ፈልጉለት። ሞላውን መልሱ፣ የላስቲክ ሽፋኑን ጠርዙ እስኪገጥም ተጫኑት፣ ሶኬቱን ሰኩ። ከተቻለ ሁለቱንም አምፖል በአንድ ላይ ቀይሩ። እኩል ሠርተዋልና አንዱ ሲሄድ ሌላው አይቆይም፤ ያረጀው ደግሞ ከአዲሱ ጋር ሲተያይ ይደበዝዛል።

የፋብሪካ ዘኖን ያለበት መኪና ከመጣ ግን ቆም በሉ። ሲጀምር አምፖሉን ለማቀጣጠል ወደ 20,000 ቮልት ይደርሳል። ባትሪው ሳይፈታ እጅ አይገባበትም።

ግድግዳው ላይ

ክሩ የቦታ ለውጥ ስለሚኖረው ከቅያሪ በኋላ ማስተካከል ግዴታ ነው፤ ብዙ ጋራዥ የሚዘለውም ይህንኑ ነው። ለዓመታዊ ምርመራ፣ ለቦሎ ካልሆነ በቀር ማንም አይጠይቅማ። መሣሪያ ባይኖር ደልዳላ ሜዳና ግድግዳ ይበቃል። የጎማዎቹን ነፋስ አስተካክሉ፣ ሾፌሩ ቦታው ላይ ይቀመጥ። መኪናውን ግድግዳው ድረስ አስጠግታችሁ የሁለቱን መብራት መሃል በጠመኔ አመልክቱ፤ ከመሬት ያለውን ከፍታም ለኩ። ከዚያ ቀጥ ብላችሁ 10 ሜትር ወደ ኋላ ሂዱ። አጭሩን መብራት አብሩና አንዱን በጨርቅ ሸፍኑ። ጠፍጣፋው ድንበር ከጠመኔው ምልክት 10 ሴንቲሜትር ዝቅ ብሎ፣ ከፍ የሚልበት መታጠፊያው ደግሞ ከምልክቱ ትይዩ መሆን አለበት። መብራቱ ላይ ሌላ የፋብሪካ ቁጥር በመቶኛ ከተጻፈ እሱን ተከተሉ። ከጀርባው ያሉት ሁለት ብሎኖች አንዱ ወደ ላይና ወደ ታች፣ ሌላው ወደ ግራና ወደ ቀኝ ያንቀሳቅሳል።

ድንበሩ ጭራሽ ካልታየ፣ እንደ ደመና የተበተነ ብርሃን ብቻ ከሆነ፣ ብሎን ማዞሩን ተዉት። ወይ አምፖሉ በትክክል አልተቀመጠም፣ ወይ አምፖሉ ራሱ የተበላሸ ሥራ ነው፣ ወይ የፕላስቲክ መስታወቱ በፀሐይ ብዛት ደብዝዟል፣ ወይ አንጸባራቂው ብሩ ተልጧል። የደበዘዘ መስታወት ደረጃ በደረጃ በሚለሰልስ የውሃ ሸራ ወረቀት ተፍቆና ተወልውሎ ይመለሳል፤ ፀሐይ የሚከላከል ቅባት ካልተቀባበት ግን ተመልሶ ይደበዝዛል። የተላጠ አንጸባራቂ መድኃኒት የለውም።

ጭነትም ይታሰብ። ኋላው በሰውና በዕቃ ሲሞላ የመኪናው አፍንጫ ቀና ይላል፤ ባዶውን በትክክል የተስተካከለው መብራት ያኔ ሰው ዓይን ውስጥ ይገባል። በብዙ መኪናዎች ዳሽቦርድ ላይ ከ0 ጀምሮ ቁጥር የተጻፈባት ትንሽ መዘውር አለች፤ ቁጥሩ ሲጨምር መብራቱን ወደ ታች የምታወርድ ናት። ግድግዳው ላይ ስታስተካክሉ 0 ላይ አድርጓት፤ ስትጨርሱ ደግሞ ለባለመኪናው ምን እንደምትሠራ አሳዩት።